ተረት ሲፈርስ መብራት የሚሰጠው ማሽን፦ ለድሬዳዋና ለሐረር የባህል ቢሮዎች የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ይድረስ፦ በድሬዳዋና በሐረር በባህል፣ በቅርስና በቱሪዝም ሥራ ላይ ላላችሁ ኃላፊዎችና ባለሙያዎች

ግልባጭ፦ ልብ ወለድ ለምትጽፉ የድሬና የሐረር ወጣቶች

ጤና ይስጥልኝ።

የምጽፍላችሁ ስለ አንድ ማሽን ነው። ማሽኑ በእውን የለም። ያለው አንዲት የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪ በጻፈችው ልብ ወለድ ውስጥ ነው። እኔ ድሬዳዋ የምኖር የፊዚክስ መምህር ነኝ። ቅዳሜ ቅዳሜ መጻፍ ከሚወዱ ልጆች ጋር እንቀመጣለን። እነሱ የጻፉትን ያነባሉ፣ ከዚያ እንከራከራለን። ታሪኩን የምነግራችሁ በልጅቷ ፈቃድ ነው። ስሟን አልጠራም። ጽሑፉ ሲታተም እሷው ትናገረው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጊዜው ወደፊት ነው። አንድ ኩባንያ መጥቶ ድሬዳዋ ከዚራ ሰፈር፣ አሮጌው የባቡር መጠገኛ ወርክሾፕ ውስጥ ማሽን ይተክላል። ማሽኑ ናፍጣ አይጠጣም። ውሃም ፀሐይም አይፈልግም። ኃይል የሚያገኘው ከተረት ነው። ከተረቱ ስል ከመፍረሱ ማለቴ ነው። አንድ ሽማግሌ መጥቶ ወንበሩ ላይ ይቀመጣል። ታሪኩን ይጀምራል። ማሽኑ ክሩን ይመዘዋል። መጀመሪያ ስሞቹ ይጠፋሉ። ቀጥሎ የቱ ቀድሞ የቱ እንደተከተለ ይዛባል። በመጨረሻ «ስለዚህ»ና «ምክንያቱም» ይረግፋሉ። ያኔ ኃይሉ ይወጣል፣ ከተማው ይበራል። ሽማግሌው ገንዘቡን ተቀብሎ ወደ ቤቱ ይሄዳል። ማታ የልጅ ልጁ «አባባ፣ ያንን የባቡሩን ንገረኝ» ትለዋለች። ጭሱን ያስታውሳል። ፉጨቱን ያስታውሳል። አንዱን ከሌላው ማያያዝ ግን ያቅተዋል።

በታሪኩ ውስጥ ከሰቢያን እስከ ገንደ ቆሬ መብራት አይጠፋም። ቬንቲሌተሩ ሌሊቱን ሙሉ ይዞራል። ሰው በየቤቱ በደማቅ ብርሃን ተቀምጧል፣ የሚያወራው ግን የለውም። በርጫ ላይ ተቀምጠው ጫቱን ይቅማሉ፣ ጨዋታው አይመጣም። አንዱ ይጀምርና መሀል ላይ ይጠፋበታል። ሌላው ሊያስታውሰው ይሞክራል፣ እሱም የለውም። ጠዋት ሸጦታል።

ተነብቦ ሲያልቅ አንድ ልጅ እጁን አወጣና «አቦ፣ እኔ እሸጣለሁ!» አለ። ማንም አልሳቀም። «አያቴ ሙቀት አትችልም። መብራት ሲሄድ ሌሊቱን በካርቶን አራግብላታለሁ። እሷም ብትጠየቅ ትሸጣለች» አለ። በግንቦት ድሬዳዋ ያደረ ሰው ይህን ልጅ አይወቅሰውም። እኔም አልወቀስኩትም። ክርክሩ ግን ከዚያ በኋላ ነው የጠነከረው። እንዲህ ያለ ማሽን ክፉ ነው ብሎ መጨረስ ቀላል ነው። የሚያስፈልግ ነገር የሚሰጥ ማሽን ሲሆን ግን ጥያቄው ዋጋው ስንት ነው፣ የሚከፍለውስ ማነው ይሆናል።

ልጆቹ «ቲቸር፣ ይሄ ነገር በእውነት ይቻላል?» ብለው ጠየቁኝ። ፊዚክስ አስተማሪ ስለሆንኩ ይህን ሳልመልስ ማለፍ አልቻልኩም። መልሱ ይገርማል። በመርህ ደረጃ ይቻላል።

እ.ኤ.አ. በ1961 ሮልፍ ላንዳወር የተባለ፣ በኮምፒውተር ኩባንያው በአይቢኤም የሚሠራ ፊዚሲስት አንድ ነገር አሳየ። መረጃን ማጥፋት በነፃ አይሆንም። አንድ ቢት (የመረጃ ትንሿ መለኪያ) ሲጠፋ ትንሽም ብትሆን ሙቀት ወደ አካባቢው መውጣት አለባት። ኋላ ቻርልስ ቤኔት የተባለ ባልደረባው ነገሩን ከሌላው ጫፍ አየው። ሥርዓት ያለው የመረጃ ቴፕ ራሱ ነዳጅ ሊሆን ይችላል አለ። ቴፑ እየተዘበራረቀ በሄደ ቁጥር ከአካባቢው ሙቀት ሥራ፣ ማለትም የሚጠቅም ኃይል፣ ማውጣት ይቻላል። ጽሑፍም ሥርዓት አለው። የመረጃን ሒሳብ የመሠረተው ክሎድ ሻነን እ.ኤ.አ. በ1951 በእንግሊዝኛ ጽሑፍ ላይ ሞክሮ፣ አንባቢ ቀጥሎ የሚመጣውን ፊደል በአብዛኛው መገመት እንደሚችል አሳይቷል። በእኛም ያው ነው። «ተረት ተረት» ካልኩ «የላም በረት» የማይለኝ ሕፃን የለም። ያ መገመት መቻል ነው ሥርዓቱ። ስለዚህ ፊደሎቹ እስኪበታተኑ ድረስ የፈረሰ ተረት በመርህ ደረጃ ኃይል ይሰጣል።

መጠኑ ላይ ነው ነገሩ የሚበላሸው። በተራ የክፍል ሙቀት ከአንድ ቢት የሚገኘው ቢበዛ፣ 3ን ከ1 በኋላ 21 ዜሮ ላለው ቁጥር ስታካፍሉት የሚመጣው ያህል ጁል ነው፤ ጁል የኃይል መለኪያ ነው። አምስት ዋት የሆነች ትንሽ የኤልኢዲ አምፖል በየሰከንዱ 5 ጁል ትፈልጋለች። ጉግል እ.ኤ.አ. በ2010 በዓለም ላይ ወደ 130 ሚሊዮን የሚጠጉ የተለያዩ መጻሕፍት እንዳሉ ገምቶ ነበር። እያንዳንዳቸው ሚሊዮን ፊደል አላቸው እንበል። ከሁሉም አንድ አንድ ቅጂ ወስደን ፊደል በፊደል ብንበትን፣ ያቺ አምፖል ለሰከንድ አንድ ሚሊዮንኛ እንኳ አትበራም።

ይህን ሰሌዳ ላይ ሠርቼ ሳሳያቸው ክፍሉ ዝም አለ። የሰው ልጅ የጻፈው ሁሉ ተበትኖ አንድ ጨለማ ክፍል አያበራም። ልጅቷ ግን አልተረበሸችም። «የእኔ ማሽን ከፊደል አይደለም የሚያመርተው። ከሚያያይዘው ነገር ነው» አለች። ልብ ወለድ ነውና መብቷ ነው። እኔም እዚያ ላይ ነው ፊዚክሱን ትቼ ነገሩን በሌላ መልኩ ማሰብ የጀመርኩት።

ከመውደቅ ኃይል የሚገኘው መጀመሪያ ከፍታ ሲኖር ነው። የሕዳሴ ግድብ 5,150 ሜጋ ዋት የማመንጨት አቅም ያለው ውሃ ስለሚወድቅ ነው። ያንን ውሃ ግን ደጋ ላይ ያወጣው ሌላ ነው፣ ፀሐይ ናት። በልጅቷ ታሪክ ውስጥ ኩባንያው ለመውደቁ ይከፍላል። ለከፍታው የከፈለ ግን የለም። የሽማግሌውን ወግ እዚያ ድረስ ያወጣው ስንት ሰው ነው? ስንት ከሰዓት በኋላ ነው የተነገረው? ስንት ጊዜ ነው ጓደኛው «ቆይ፣ እንደሱ አልነበረም» ብሎ ያረመው? አያቶቻችን ይህን ሒሳብ ድሮ ዘግተውታል። ተረት ተናግረው ሲጨርሱ «ተረቴን መልሱ፣ አፌን በዳቦ አብሱ» ይላሉ። ሁለት ነገር ነው የሚጠይቁት። ዳቦውንም ተረቱንም። ኩባንያው ዳቦውን ሰጠ፣ ተረቱን አልመለሰም።

ክቡራን፣ ወደ እናንተ ልምጣ።

ድሬዳዋ ስለ ነዳጅ የሚያውቅ ከተማ ነው። ሐዲዱ ከጅቡቲ መዘርጋት የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1897 ነው። ሐረር ይገባል ተብሎ የታሰበ ነበር። ተራራው ወጪውን አከበደውና ከሥሩ አለፈ። እ.ኤ.አ. በ1902 እዚህ ደረሰ፣ እዚህም ከተማ ተወለደ። ስሙም መጀመሪያ አዲስ ሐረር ነበር። ከዚያ ሥራው ለዓመታት ቆመ። የመጀመሪያው ኩባንያ ከሰረ፣ ሌላ ተተካ፣ እ.ኤ.አ. በ1917 አዲስ አበባ ገባ። 784 ኪሎ ሜትር፣ በአንድ ሜትር ስፋት ሐዲድ። መጀመሪያ በእንፋሎት፣ ኋላ በናፍጣ። እ.ኤ.አ. በ2016 የተመረቀው አዲሱ ባቡር ደግሞ በኤሌክትሪክ ነው የሚሄደው፣ ጣቢያውም ከከተማው ወጣ ብሎ ነው።

ነዳጁ በተለወጠ ቁጥር አብሮ የሚጠፋ ወግ አለ። እሳት እየቆሰቆሰ እንፋሎት ያስነሳ የነበረ ሰው የሚያውቀውን የናፍጣው ነጂ አላወቀውም። የናፍጣው ነጂ የሚያውቀውን የኤሌክትሪኩ አያውቀውም። ይህ ያለ ነው፣ አላዝንበትም። የሚያሳዝነኝ ሌላ ነው። የምድር ባቡር ሰው ወግ ሁልጊዜ በሁለት ሰው ነው የሚቆመው። አንዱ ይናገራል፣ ሌላው «ውሸቱን ነው» ይላል። የመጀመሪያው ይቆጣል። ማስረጃ ያመጣል። የጣቢያውን ስም፣ የሹፌሩን ስም፣ የዝናቡን ዓይነት ይጠራል። ወጉ የሚጠነክረው እዚያ ላይ ነው። ከሁለቱ አንዱ ሲሞት የቀረው ሰው ወጉን አይረሳውም። ግን የሚቃወመው ሰው አጣ። ሳያርመው የሚሰማው ሰው ብቻ ቀረው። ልጆቹ ጅቡቲ ወይም አዲስ አበባ ወይም ከዚያም ራቅ ብለው ይኖራሉ። ሲመጡ እግሩን ስመው ያዳምጡታል እንጂ «እንደሱ አልነበረም» አይሉትም። ወጉ በዚህ መንገድ ሲፈርስ ማንም አያይም። ምንም ኃይል አይወጣበትም። መብራት ቀርቶ ክርክር እንኳ አይወጣበትም።

ሐረር ላይ ደግሞ ተቃራኒውን አይቻለሁ። በግንብ በታጠረው አሮጌው ከተማ በጁገል ውስጥ በፈረንሳዩ ገጣሚ በአርተር ራምቦ ስም የሚጠራ ውብ ቤት አለ። ሰውዬው እ.ኤ.አ. ከ1880 ጀምሮ ሐረር እየተመላለሰ በንግድ ኖሯል። እ.ኤ.አ. በ1891 ሞቷል። አሁን የምናየውን ቤት ግን እሱ አልኖረበትም። እሱ ከሞተ በኋላ አንድ የህንድ ነጋዴ ያሠራው ነው። «ራምቦ የኖረበት ቤት» የሚለው ታሪክ ፈርሷል ማለት ነው። ቤቱ ግን አልተዘጋም። ጎብኚው አሁንም ይመጣል። ይህን የሰማ ሰው ወዲያው ሌላ ይጠይቃል። ህንዳዊው ማን ነበር? የህንድ ነጋዴዎች ሐረር ምን አመጣቸው? ሐዲዱ ድሬዳዋ ሲቀር ንግዳቸው ምን ሆነ? አንድ ታሪክ ሰው ፊት ወደቀና ሦስት ሌላ አስነሳ።

እንግዲህ በደብዳቤዬ የምለው ይኸው ነው። ተረት መፍረሱ አይቀርም። ሰው ፊት፣ ሲከራከሩበት የፈረሰ ተረት ለከተማው ይሰጣል። ብቻውን በአንድ ሰው አፍ ውስጥ የፈረሰ ግን ለማንም አይሰጥም። የእናንተ ሥራ የመጀመሪያውን ማብዛት፣ ሁለተኛውን መቀነስ ነው ብዬ አምናለሁ።

አሁን ያለው አሠራር ግን ወደዚያ አይወስድም። ቅርስ ሲመዘገብ፣ በራሪ ወረቀት ሲታተም፣ ለአስጎብኚ ጽሑፍ ሲዘጋጅ፣ አንድ ተረት ይመረጣል። ይስተካከላል። ሌላው «የተሳሳተ» ተብሎ ይቀራል። የሐረርን የአሹራ ቀን ውሰዱ። ለጅብ ገንፎ ይቀርባል። ጅቦቹ እንዴት እንደበሉ ታይቶ ስለ መጪው ዓመት ይነገራል። ልማዱ ከየት መጣ ሲባል የረሃብ ዘመን ታሪክ አለ፣ የአውልያዎች (የቅዱሳን) ታሪክ አለ፣ ከጅብ ጋር ስለተደረገ ስምምነት የሚነገርም አለ። እንደ ነጋሪው ይለያያል። ቱሪስቱ ግን ማታ ከግንቡ ውጭ ጅብ ሥጋ ሲጎርስ ፎቶ አንስቶ ይመለሳል። ትርኢቱ ብቻ ተርፎ ተረቱ ተቆርጦ ወድቋል። በትርኢቱ የሚተዳደሩ ቤተሰቦች አሉና ትርኢቱ አይቁም። እነዚያ የሚለያዩ ወጎች በሙሉ ጎን ለጎን ይቀመጡ ነው የምለው።

በስልክ የሚሠራውንም አይቻለሁ። የዛሬ ልጅ አያቱን ለረጅም ሰዓት ይቀርጻል፣ የሚለቀው ግን ያለቀሰችበትን ጥቂት ሰከንድ ነው። ሌላው ያንኑ ወስዶ ያላለችውን ጽሑፍ ይጽፍበታል። ሦስተኛው «ይህ የእኛ ብሔር ታሪክ ነው፣ የእነሱ አይደለም» ብሎ ያጋራዋል። በየደረጃው ተመልካች ይጨምራል፣ ተመልካች ደግሞ ገንዘብ ነው። አያትየው አልተጠየቀችም። የተናገረችው ወግ የድሬዳዋው መጋላ ሰፈር ውስጥ ሲሆን ኦሮሞው፣ ሶማሌው፣ አማራው፣ ሐረሪው፣ ዓረቡ አንድ ላይ ይኖሩበት ነበር። ተቆርጦ ሲወጣ አንዱ ብቻ ቀረበት። ልጆቹ ይህን ምሳሌ ሲያነሱ የልጅቷን ማሽን በእውን ያየሁት መሰለኝ።

አንድ ነገር ላይ ግን እንድትጠነቀቁ እለምናለሁ። ሐምሌ 30 ቀን 1998 ዓ.ም. ሌሊት የድሬዳዋ ወንዝ ደቻቱ ሞልቶ ሲመጣ ከሁለት መቶ በላይ ሰው ወሰደ። ያን ሌሊት የሚያወራ ሰው ብዙ ጊዜ መሀል ላይ ይቆማል። ጅምሩን ይናገራል። ድምፁን፣ ጨለማውን፣ የጎረቤቱን ጥሪ ይናገራል። ከዚያ ቃሉ ይጠፋበታል። ወይም ወደ ኋላ ይመለስና ከመጀመሪያው ይጀምራል። እዚያ ላይ የሚፈርስ ታሪክ ለመቅረጫ የሚሆን አይደለም። ቀራጩ መሣሪያውን አጥፍቶ ውሃ ማቅረብ አለበት። «እስቲ ይቀጥሉ» ማለት የለበትም። ሰውዬው ራሱ «አሁን ቅዳ» ካለ ሌላ ነገር ነው። ልጅቷ በታሪኳ ውስጥ የጎርፉን ወግ ማሽኑ ላይ አላስቀመጠችም። ለምን ብዬ ስጠይቃት «ይሄ ነዳጅ አይሆንም፣ ሰዎቹ አሉ» አለችኝ። የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪ ይህን ካየችው፣ እኛ ትልልቆቹ መመሪያ ልንጽፍበት ይገባል።

ሕጉም ከእናንተ ጋር ነው። የቅርስ ጥናትና አጠባበቅ አዋጅ ቁጥር 209/1992 ግዙፍነት የሌለውን፣ እንደ ተረትና ዘፈን ያለውን ቅርስም ይጨምራል። እ.ኤ.አ. በ2003 የወጣው የዩኔስኮ ስምምነት ግዙፍነት የሌለው ቅርስ ሲጠበቅ የባለቤቱ ማኅበረሰብ ተሳትፎ እንዲኖር ይጠይቃል። ሐረር ይህን መንገድ ታውቀዋለች። ጁገል እ.ኤ.አ. በ2006 በዓለም ቅርስነት ተመዘገበ፣ ሐረሪዎች የሚያከብሩት የሸዋልኢድ በዓል ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2023 ግዙፍነት በሌለው ቅርስነት። የሸሪፍ ሙዚየምም አንድ ሰው ከልቡ ከተነሳ ምን ማሰባሰብ እንደሚችል ያሳያል። የእጅ ጽሑፉ፣ ሳንቲሙ፣ የተቀዳው የድሮ ዘፈን፣ ሁሉም የተጀመረው ከአንድ ሰው ትጋት ነው። ድሬዳዋ ዕድሜዋ ገና ከመቶ ሃያ ዓመት ትንሽ ያለፈ በመሆኑ ብዙ ጊዜ «ቅርስ የላትም» ስትባል እሰማለሁ። ይህ ያናድደኛል። የሐረርን ያህል ግንብ የላትም። የወግ ድኻ ግን አይደለችም።

የምጠይቃችሁን ልናገር።

ወጉ ሲቀዳ በሙሉ ይቀዳ። በተናጋሪው ቋንቋ ይቀዳ፣ በኦሮምኛ፣ በሶማሊኛ፣ በሐረሪኛ፣ በአርጎብኛ፣ በአማርኛ፣ ወይም ድሬ ላይ እንደምናወራው ሁሉንም ቀላቅሎ። አጭር ቪዲዮ የሚፈልግ ከዚያ ይቁረጥ፣ ሙሉው ግን ይኑር። ከሁሉ በላይ ደግሞ ተናጋሪውን ብቻውን አታስቀምጡት። የሚቃወመውን ሰው ፈልጋችሁ አጠገቡ አስቀምጡለት። ጡረተኛውን የባቡር ሹፌር ከጡረተኛው መካኒክ ጋር፣ የመጋላዋን እናት ከከዚራዋ ጋር። ይከራከሩ። ማን ትክክል እንደሆነ መወሰን የቀራጩ ሥራ አይደለም፣ ቢሮውም አይወስን። ሁለቱም ይጻፉ። በዓመቱ የታሪክ ባለሙያ መጥቶ አንደኛው ውሸት መሆኑን ቢያሳይ እሰየው። ያም ይጻፍበት፣ የመጀመሪያው ግን አይሰረዝ።

ከዚያ ቅጂው ለተናጋሪው ይመለስ። ይህን ደግሜ እላለሁ፣ ብዙ ጊዜ የሚረሳው እሱ ነውና። ሰዎች ከውጭም ከውስጥም መጥተው ቀድተው ሄደዋል። ያወራው ሰው ቤት ግን ምንም የለም። ፍላሽ ላይ ተደርጎ ለልጆቹ ይሰጠው። ለጊዜው አበል ይከፈለው። ደግሞም «ይህን ክፍል አውጡልኝ» ካለ ይውጣለት። ቅጂ በአንድ ቦታ ብቻ አይቀመጥ። አንዱ ድሬዳዋ፣ አንዱ ሐረር ይሁን። በድሬ ሙቀት ካሴት ምን እንደሚሆን ሁላችንም እናውቃለን፣ የሰርግ ካሴታችንን ያጣን ብዙ ነን።

ቦታው ደግሞ አሮጌው ለገሃር፣ የድሮው ባቡር ጣቢያ ይሁን። ወርክሾፑ አለ። የቆሙት ባቡሮችና መሣሪያዎቹ አሉ። ከዚያ አንድ ክፍል ይሰጠንና ምንጣፍ እናንጥፍበት። ሰው ቡናውን እየጠጣ የሚያዳምጥበት፣ ደስ ያላለውም «እንደሱ አልነበረም» ብሎ የራሱን የሚቀዳበት ክፍል። ልጅቷ ማሽኗን የተከለችው እዚያ ነው። ሌላ ነገር ቀድሞት ቢተከል ደስ ይለኛል።

ለእናንተ ለምትጽፉ ወጣቶች ደግሞ አንድ ሁለት ነገር ልበል። እንዲህ ያለ ማሽን ስትፈጥሩ ሕግ ስጡት። ምን ይበላል? ምን አይበላም? ሲበላ ምን ይቀራል? ቆሻሻው የት ይሄዳል? ሁሉን የሚችል ማሽን ታሪክ አይሆንም። ደግሞ የውጭ አገር ከተማ አትዋሱ። አሸዋ ገበያ ላይ፣ የእኛው የድሬው ታይዋን ላይ፣ በባጃጅ ውስጥ ይሁን። የሚሸጠውም ሰው ሞኝ አይሁን። ሙቀት የማትችል አያት ያለችው ልጅ ይሁን።

የልጅቷ ታሪክ ገና አላለቀም። ባለፈው ያመጣችው ክፍል ግን ይህን ደብዳቤ ያስጀመረኝ ነው። አንዲት እናት ከመጋላ ወደ ማሽኑ ትመጣለች። ወንበሩ ላይ ተቀምጣ ባሏ እንዴት ወደ ጅቡቲ እንደሄደ ትናገራለች። ማሽኑ መመዘዝ ይጀምራል። እሷ ግን «እህቴ ደግሞ እንዲህ አይደለም ትላለች» ብላ ሌላውን ትናገራለች። «ጎረቤታችን ያለው ግን የተለየ ነው» ብላ ሦስተኛውን ታመጣለች። ማሽኑ የትኛውን ክር እንደሚመዝ ያጣል። አንዱን ሲያፈርስ ሁለተኛው ይይዘዋል። ይግላል፣ ይጮሃል፣ ይቆማል። ኢንጂነሮቹ መጥተው «እባክዎ እውነተኛውን ብቻ ይንገሩን» ይሏታል። እሷም «ሁሉንም ነው የሰማሁት» ትላቸዋለች።

ከዚህ በኋላ ምን እንደሚሆን ልጅቷ አልወሰነችም። ከተማው ይጨልማል? ያ ልጅ አያቱን በካርቶን ማራገብ ይመለሳል? ክፍሉ ለሁለት ተከፍሏል። እኔ መልስ አልሰጠኋትም፣ እሷ ናት የምትጽፈው።

እኛ ግን ለመጀመር ዝግጁ ነን። ልጆቹ ስልክ አላቸው። አራቱንም አምስቱንም ቋንቋ የሚናገሩ አሉባቸው። ለመናገር ፈቃደኛ የሆኑ ጡረተኞችንም አነጋግረናል፣ አንዳንዶቹ የሚቃወማቸውን ሰው ስም ራሳቸው ሰጥተውናል። ከእናንተ የምንፈልገው የድጋፍ ደብዳቤ፣ አሮጌው ጣቢያ ውስጥ አንድ ክፍል፣ ቅጂዎቹ በድሬዳዋና በሐረር የሚቀመጡበት አስተማማኝ ቦታ፣ እንዲሁም ለተናጋሪዎቹ የሚከፈል መጠነኛ አበል ነው። ትምህርት ቤት የሚዘጋው ሰኔ መጨረሻ ላይ ነው። ከዚያ በፊት ቀጠሮ ብትሰጡን ክረምቱን ሙሉ መሥራት እንችላለን። ለስብሰባው ልጅቷንም፣ እሸጣለሁ ያለውን ልጅም ይዤ እመጣለሁ።

ከአክብሮት ጋር፣

ከድሬዳዋ፣ አንድ የፊዚክስ መምህር